ኦቾሎኒ በስኳር በቤታችሁ፦ ስኳሩ አሸዋ ሲሆን አታቁሙ

«ስኳሩ አሸዋ ሆነብኝ፤ ምን ላድርግ?» ኦቾሎኒ በስኳር ቤቱ ሊሠራ የሞከረ ሰው ሁሉ የሚጠይቀኝ ይህንኑ ነው። አንዳንዱ ውሃ ጨምሮበት እንደገና ይጀምራል። አንዳንዱ ተበላሸ ብሎ ከነድስቱ ይደፋዋል። ሁለቱም አያስፈልግም። ስኳሩ ደርቆ ኦቾሎኒው ላይ ነጭ ሆኖ ሲለጠፍ፣ የሥራው ግማሽ በትክክል አልቋል ማለት ነው። የቀረው ሁለተኛው ግማሽ ነው፤ ሰው የሚያቆመውም እሱን ስለማያውቀው ነው።

እዚህ የምንሠራው በየመንገዱ በትንንሽ ላስቲክ እየታሰረ የሚሸጠውን፣ ሻካራና ቡናማ ስኳር የለበሰውን ኦቾሎኒ ነው። ቅቤም ወተትም እንቁላልም አይገባበትም፤ ስለዚህ ለጾም ይሆናል። እሳት ላይ የሚቆየው ከ15 እስከ 20 ደቂቃ ነው። በዚያ ጊዜ ውስጥ ግን ከድስቱ መራቅ አይቻልም። ስልክ የሚደወልም ካለ ቀድማችሁ ደውሉ።

የሚያስፈልጉ ነገሮች

- ጥሬ ኦቾሎኒ ከነቀይ ልጣጩ፦ 2 ብርጭቆ (300 ግራም ገደማ)
- ስኳር፦ 1 ብርጭቆ (200 ግራም ገደማ)
- ውሃ፦ ግማሽ ብርጭቆ
- ጨው፦ ሩብ የሻይ ማንኪያ
- የቀረፋ ዱቄት፦ ግማሽ የሻይ ማንኪያ፣ ከወደዳችሁ
- ዘይት፦ ትሪ መቀቢያ ያህል

ከዕቃ ደግሞ፦

- ታቹ ወፍራም የሆነ ሰፊ ድስት ወይም ጎድጎድ ያለ መጥበሻ
- እጀታው ረዘም ያለ የእንጨት ማማሰያ
- ሰፊ የብረት ትሪ
- ሁለት ሹካ
- ቀዝቃዛ ውሃ የተሞላ ጎድጓዳ ሳህን
- ክዳኑ በደንብ የሚገጥም ደረቅ የመስታወት ዕቃ

ሚዛን ከሌላችሁ አትጨነቁ። ዋናው ነገር ሁሉንም በአንድ ብርጭቆ መለካት ነው። ኦቾሎኒው 2፣ ስኳሩ 1፣ ውሃው ግማሽ ከሆነ ብርጭቆው ቢተልቅም ቢያንስም ልኩ አይዛባም። ውሃው ስኳሩን ለማሟሟት ብቻ ነው የሚገባው፤ በኋላ ሁሉም ተንኖ ይሄዳል። ብታበዙት የሚጎዳችሁ በጊዜ ብቻ ነው።

የድስቱ ነገር ግን ቀላል አይደለም። ስስ ድስት ከሥሩ ያለውን ስኳር አሳርሮ ከላይ ያለውን ጥሬ ይተወዋል። ወፍራም ታች ያለው ድስት ሙቀቱን እኩል ያዳርሳል። የማያጣብቅ መጥበሻም ይሠራል፤ በእንጨት ማማሰያ ብቻ ከተጠቀማችሁ ማለት ነው። ብረት ማንኪያ ግን ይፍቀዋል። ውስጡ ጥቁር የሆነ ዕቃ ደግሞ የስኳሩን ቀለም ስለሚደብቅ ለጀማሪ አይመችም።

ኦቾሎኒው እንዴት ያለ ይሁን?

ጥሬ መሆን አለበት። ብዙዎች በቤት ያለውን የተቆላ ኦቾሎኒ ይጠቀማሉ። በሁለተኛው ግማሽ ላይ ስኳሩ እንደገና ሲቀልጥ ሙቀቱ በጣም ከፍ ይላል፤ ኦቾሎኒውም የሚበስለው ያኔ ነው። ቀድሞ የተቆላ ከሆነ እዚያ ላይ ያርርና ይመራል።

ቀዩን ልጣጭም አትላጡት። የተላጠ ኦቾሎኒ ለስላሳ ነው፤ ስኳሩ አይዝለትም፣ ሲደርቅ ይረግፋል። ልጣጩ ሻካራ ስለሆነ ስኳሩ የሚጨብጠው ነገር ያገኛል። ከባቢሌ የመጣ ኦቾሎኒ ካገኛችሁ ጥሩ ነው። ከየትም ይምጣ ግን ፍሬው ተቀራራቢ መጠን ይኑረው። ትልቅና ትንሽ ሲደባለቅ ትልቁ ሳይበስል ትንሹ ያርራል።

አሠራሩ

1. ኦቾሎኒውን ልቀሙ። በሰፌድ አንፍሱት፣ ከዚያ ትሪ ላይ አሰጥታችሁ አንድ በአንድ እዩት። የሻገተ፣ የተጨማደደ፣ የጠቆረ ወይም አረንጓዴ ነገር የያዘ ፍሬ ካለ ጣሉት። ይህን ለውበት ብዬ አይደለም። በሻገተ ኦቾሎኒ ላይ አፍላቶክሲን የሚባል መርዝ ሊኖር ይችላል፤ ጉበትን ይጎዳል፣ በመቁላትም ሙሉ በሙሉ አይጠፋም። ስኳር ደግሞ መጥፎውን ጣዕም ስለሚሸፍነው ሲበላ አይታወቅም። ከጆንያው ውስጥ የሻገተው ብዙ ከሆነ መልቀሙንም ተዉት፤ ሌላ ግዙ። አቧራ ካለው በደረቅ ጨርቅ አሹት እንጂ አትጠቡት፤ ልጣጩ ይለቃል።

2. ትሪውን ዘይት ቀቡና ሹካዎቹን አጠገቡ አስቀምጡ። ይህ እሳቱ ከመለኮሱ በፊት መሆን አለበት። ኦቾሎኒው ደርሶ ከድስቱ ሲወጣ ለመለያየት ያላችሁ ጊዜ ከ1 እስከ 2 ደቂቃ ነው። ያን ጊዜ ትሪ ፍለጋ ከሄዳችሁ አንድ ትልቅ ድንጋይ ይጠብቃችኋል። ቀዝቃዛውን ውሃም አሁኑኑ ምድጃው አጠገብ አድርጉት፤ ለጣታችሁ ነው።

3. ኦቾሎኒውን፣ ስኳሩን፣ ውሃውንና ጨውን በአንድነት ቀዝቃዛው ድስት ውስጥ ጨምሩ። ከዚያ መካከለኛ እሳት ላይ ጣዱት። ስኳሩን ለብቻ አቅልጦ ኦቾሎኒውን በኋላ መጨመር የሚመርጡ አሉ። እኔ አልመክረውም። አብረው ሲጀምሩ ኦቾሎኒው ቀስ ብሎ ይሞቃል፣ ስኳሩም ሳያርር ሙሉ በሙሉ ይሟሟል። ስኳሩ እስኪሟሟ አማስሉ።

4. መካከለኛ እሳት ላይ ይንተክተክ። መጀመሪያ አረፋው ትልልቅና ፈጣን ነው፤ ውሃው እየተነነ ነው። ልጣጩ ቀለሙን ስለሚለቅ ሽሮፑ ቀላ ይላል፤ ምንም ችግር የለውም። በየግማሽ ደቂቃው ከሥር አማስሉት። ከ7 እስከ 10 ደቂቃ ውስጥ ሽሮፑ ይወፍራል፣ አረፋውም ይዘገያል። ማማሰያውን ድስቱ ሥር ስትጎትቱት ታቹ ለአፍታ ታይቶ መልሶ ከተሸፈነ ለሚቀጥለው ደረጃ ደርሷል።

እሳቱን ጨምሮ ማፋጠን ትልቁ ፈተና እዚህ ላይ ነው። አትጨምሩ። እሳቱ ከበዛ ስኳሩ ሳይደርቅ በፊት ወደ ካራሜል፣ ማለትም ቀልጦ ቡናማ ወደሆነ ስኳር፣ ይሄዳል። ኦቾሎኒው ውስጡ ጥሬ፣ ላዩ የተቃጠለ ይሆናል።

5. እሳቱን ቀንሱና ሳታቋርጡ አማስሉ። አሁን የሚመጣው ነው ሰውን የሚያስደነግጠው። ሽሮፑ መጀመሪያ ይደበዝዛል። ከዚያ በአንድ ደቂቃ ውስጥ ነጭ ይሆንና ይደርቃል። ኦቾሎኒው ነጭ ሻካራ ስኳር ለብሶ ይለያያል፤ ድስቱ ሥርም እንደ አሸዋ የሚፈስ ስኳር ይቀራል።

ምን ሆነ? ስኳሩን አሟሙቶ የያዘው ውሃ አለቀ። ውሃ ሲያንሰው ስኳሩ ወደ ደረቅ ፍሬነቱ ይመለሳል። ማማሰላችሁ ደግሞ ያፋጥነዋል፣ በየኦቾሎኒው ላይም እኩል እንዲያርፍ ያደርገዋል። ልብሱ የተሰፋው እዚህ ላይ ነው። ስለዚህ ውሃ አትጨምሩ፣ እሳቱንም አታጥፉ፣ ማማሰሉንም አታቁሙ።

ብዙ ምግብ ላይ ስኳር እንዳይደርቅ ሎሚ ወይም ማር ጠብ ይደረጋል። እዚህ ግን የምንፈልገው እንዲደርቅ ነው። ሎሚ ወይም ማር የጨመረ ሰው ይህን ደረጃ አያየውም፤ ውጤቱም ጣት ላይ የሚጣበቅ ኦቾሎኒ ነው።

6. ስኳሩን እንደገና አቅልጡ። እሳቱ ከመካከለኛ ዝቅ ያለ ይሁን። ድስቱ ሥር ያለው ስኳር ቀድሞ ይቀልጥና ቡናማ ይሆናል። ሥራችሁ እሱን ከሥር እየዛቃችሁ ኦቾሎኒው ላይ ማገላበጥ ነው። ቀስ በቀስ ነጩ ልብስ ቦታ ቦታውን ማብረቅረቅ ይጀምራል። ኦቾሎኒውም ይንጣጣል፤ ውስጡ እየበሰለ መሆኑን በዚያ ታውቃላችሁ። ይህ ከ5 እስከ 8 ደቂቃ ይወስዳል። ክንድ ይደክማል፤ ቢሆንም ለአፍታ ከቆማችሁ ሥሩ ያርራል።

መቼ ይውጣ? አሸዋው ሁሉ እስኪቀልጥ አትጠብቁ። ከኦቾሎኒው ሁለት ሦስተኛው አብረቅርቆ የቀረው ገና ሻካራ ሲሆን በቂ ነው። የመንገዱ ኦቾሎኒ ያን ጎርባጣ መልክ የሚያገኘው ከዚህ ነው። ሙሉ በሙሉ ከቀለጠ እርስ በርሱ ተጣብቆ አንድ ይሆናል። በአፍንጫችሁም ተከታተሉ። የካራሜል ሽታ ደስ ይላል፤ ጭስ ካያችሁ ግን ዘግይታችኋል፣ ወዲያው አውርዱ።

ከተጠራጠራችሁ አንድ ፍሬ በማንኪያ አውጡና ሳህን ላይ ለ1 ደቂቃ አቀዝቅዙት። ከዚያ ለሁለት ስበሩት። ውስጡ ቀለል ያለ ወርቃማ ከሆነና ጥሬ ባቄላ ባቄላ የማይል ከሆነ ደርሷል። ጥሬ ከሆነ እሳቱን ቀንሳችሁ 2 ደቂቃ ጨምሩ።

7. ድስቱን ከእሳት አውርዱና ቀረፋውን ነስንሱ። 10 ሰከንድ ያህል አማስሉት። ቅመም ቀድሞ ከገባ ያርርና ይመራል። ሚጥሚጣ የምትወዱም እዚህ ላይ ነው የምትጨምሩት፤ ሩብ የሻይ ማንኪያ ይበቃል። እሳት ላይ እያለ ከነሰነሳችሁት ቤቱ በሙሉ ያስላል።

በኤሌክትሪክ ምድጃ የምትሠሩ ሰዎች፣ ማጥፋት ብቻውን ማውረድ አይደለም። ምድጃው ከጠፋ በኋላም ሙቀቱ ብዙ ይቆያል፤ ስለዚህ ድስቱን አንሱት።

8. ትሪው ላይ ገልብጡና በሁለቱ ሹካ ለያዩት። በእጅ አትንኩ። መጀመሪያ በሰፊው በትኑት፣ ከዚያ የተጣበቁትን ነጥሉ። ሁለት ሦስት ሆነው የቀሩትን ተዉአቸው፤ ሲቀዘቅዙ በእጅ ይሰበራሉ። ሳትለያዩት ከጠጠረባችሁ ወደ ድስቱ መልሱና ዝቅተኛ እሳት ላይ ትንሽ አሙቁት፤ ይላላል።

9. ሳትከድኑ አቀዝቅዙት። ግማሽ ሰዓት በቂ ነው። ትኩሱን ዕቃ ውስጥ ከከተታችሁት እንፋሎቱ መውጫ ያጣና ስኳሩን መልሶ ያረጥበዋል። ጥርስ ላይ ጥርሽ የሚለውም ሙሉ በሙሉ ሲቀዘቅዝ ነው፤ ትኩሱን ቀምሳችሁ ለስላሳ ነው ብላችሁ ወደ እሳት እንዳትመልሱት።

ቴርሞሜትር ለምትጠቀሙ

አዲስ አበባ ከባሕር ወለል በላይ 2,300 ሜትር ገደማ ላይ ናት። ውሃ እዚህ የሚፈላው በ100 ሳይሆን በ92 ዲግሪ ሴንቲግሬድ አካባቢ ነው። ስለዚህ የውጭ አገር አሠራር «ሽሮፑ 118 ዲግሪ እስኪደርስ» ካላችሁ፣ አዲስ አበባ ላይ ያ ውፍረት የሚመጣው 110 አካባቢ ነው። 118 ስትጠብቁ ያልፋችኋል። ዋሽንግተን ወይም ዱባይ ያላችሁ ቁጥሩን እንዳለ ውሰዱት። ስኳሩ እንደገና የሚቀልጥበትና ቡናማ የሚሆንበት ሙቀት ግን፣ ከ160 ዲግሪ ጀምሮ፣ ውሃው ስላለቀ በከፍታ አይለወጥም። በበኩሌ ለዚህ ሥራ ዓይንና ሽታ ከቴርሞሜትር ይበልጣሉ ባይ ነኝ። ድስቱ ውስጥ ያለው ሽሮፕ ትንሽ ስለሆነ መለኪያው በትክክል አይጠልቅበትም።

ጥንቃቄ

የቀለጠ ስኳር ከፈላ ውሃ እጅግ ይከፋል። ሙቀቱ ከፍ ያለ ነው፣ ቆዳ ላይም ተጣብቆ ማቃጠሉን ይቀጥላል። ልጆችን ከማድ ቤት አስወጡ። እጅጌያችሁን ወደ ታች አውርዱ፣ ነጠላ ወይም ሻርፕ አውልቁ፣ ከድስቱ ላይ በጣት አትቅመሱ።

ከተቃጠላችሁ ወዲያውኑ ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ክተቱት፣ ከዚያ ቧንቧ ከፍታችሁ ለ20 ደቂቃ ውሃ አፍስሱበት። የተጣበቀውን ስኳር በጉልበት አትላጡት። ቅቤ፣ የጥርስ ሳሙና፣ እንቁላል፣ በረዶ አታድርጉበት፤ ቁስሉን ያብሱታል። ቃጠሎው ሰፊ ከሆነ፣ ውሃ ከቋጠረ ወይም ፊት ላይ ወይም ሕፃን ላይ ከሆነ ወደ ጤና ተቋም ሂዱ።

ከ5 ዓመት በታች ላለ ልጅ ሙሉ ኦቾሎኒ አትስጡ፤ ጉሮሮው ላይ ሊቀር ይችላል። ለእንግዳ ስታቀርቡም ኦቾሎኒ መሆኑን ተናገሩ። አለርጂ ያለበት ሰው ጥቂት ቢበላ እንኳ ሕይወቱ አደጋ ላይ ሊወድቅ ይችላል።

የሚደጋገሙ ስህተቶች

ስኳሩ ከኦቾሎኒው ላይ ይረግፋል። አንድም ኦቾሎኒው ተልጧል፣ አንድም 5ኛው ደረጃ ላይ ቆማችኋል። ያ ነጭ ልብስ በሁለተኛው መቅለጥ ካልታሰረ አይጸናም። ነጩን የምትወዱ ከሆነ እንኳ ውስጡ ገና ጥሬ ስለሆነ ትሪ ላይ አድርጋችሁ ኦቨን ውስጥ በ150 ዲግሪ ከ15 እስከ 20 ደቂቃ አብስሉት፣ መሃል ላይም አገላብጡት።

ከቀዘቀዘ በኋላም ይጣበቃል። ሎሚ ወይም ማር ካልገባበት፣ ውሃው ሳይጠናቀቅ ወጥቷል ማለት ነው። መልሳችሁ ድስት ውስጥ አድርጉና ዝቅተኛ እሳት ላይ አማስሉት፤ ይድናል።

ይመራል። አርሯል፤ ይህ አይድንም። ስኳራችሁ ቡናማ ዓይነት ከሆነ ከመነሻው ጠቆር ስለሚል ቀለሙን ብቻ አትመኑ። መንጣጣቱንና ሽታውን ተከተሉ።

መብራት መሃል ላይ ከጠፋስ? ይህም ብዙ ይጠየቃል። ሽሮፑ ገና ፈሳሽ ከሆነ ክደኑና ተዉት፤ ሲመለስ ሁለት ማንኪያ ውሃ ጨምራችሁ ቀጥሉ። አሸዋ ከሆነ በኋላ ከጠፋ ምንም አትጨምሩ። ተረጋግቶ ይቆያል፤ ሲመጣ ከ6ኛው ደረጃ ትቀጥላላችሁ።

ለበዓል ብላችሁ በአንድ ድስት ከ4 ብርጭቆ በላይ ኦቾሎኒ አትሥሩ። ከዚያ በላይ ሲሆን ከሥር ያለውን ወደ ላይ ማገላበጥ አይቻልም። ሁለቴ መሥራት ይሻላል፤ በመሃል ግን ድስቱ ይታጠብ፣ ሥሩ ላይ የቀረው ካራሜል ሁለተኛውን ያመርረዋል።

በሌላ ፍሬ

አልሞንድ በዚሁ ልክና በዚሁ አካሄድ ይሠራል፤ ከነልጣጩ ይሁን። ካሹ ፈጥኖ ስለሚበስል 6ኛው ደረጃ ላይ ቶሎ አውጡት። ሰሊጥ መጨመር ከፈለጋችሁ ጥሬውን 2 የሾርባ ማንኪያ ከመውረዱ 1 ደቂቃ በፊት ጨምሩ፤ የቀለጠው ስኳር ይይዘዋል፣ እግረ መንገዱንም ይቆላል።

አቀማመጥ

ክዳኑ በሚገጥም ደረቅ ዕቃ ውስጥ፣ ፀሐይ በማያገኘው ቦታ ለ2 ሳምንት ጥርሽ እንዳለ ይቆያል። ስኳር ከአየር እርጥበት ይስባል። በክረምት ክዳኑን ከፍታችሁ ከተዋችሁት ባንድ ቀን ይላላል። ፍሪጅ ውስጥ አታስገቡት፤ ሲወጣ ያልበዋል። ከላላባችሁ ኦቨን ውስጥ በ150 ዲግሪ 10 ደቂቃ አሙቁትና እንደገና ሳትከድኑ አቀዝቅዙት።

ድስቱን ለመፋቅ አትታገሉ። ስኳሩ እስኪሸፈን ውሃ ሙሉበትና አፍሉት። 5 ደቂቃ ሳይሞላ ሁሉም ይሟሟል፣ ማማሰያውንም አብራችሁ እዚያው ውስጥ ክተቱት።